ከችሎት በፊት ሚዛን፦ የዱቄት ፋብሪካዎችና የመንግሥት እህል አቅራቢዎች ክርክር ከመሐንዲስ ሙያ አንጻር



ከለገሀር ተነሥቶ በደብረ ዘይት መንገድ ወደ ደቡብ የሚወርድ መንገደኛ የቂርቆስን ክፍለ ከተማ ሊጨርስ ሲል ጎተራ ከሚባለው ሠፈር ይደርሳል። ዛሬ ይህ ስም ሲነሣ ብዙ ሰው የሚያስታውሰው የመኪና ማሳለጫውን ነው። ስሙ ግን ከማሳለጫው የቆየና ከእህል ማከማቻው የተገኘ ነው። ለገሀርም በ1909 ዓ.ም. የባቡር ሐዲዱ ከጅቡቲ አዲስ አበባ ከደረሰ ወዲህ ለረጅም ዘመን የከተማዋ የንግድ በር ሆኖ ኖሯል። ከዚያው ብዙም ሳይርቅ በጣሊያን ወረራ ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞች ከተሠሩት ቤቶች፣ ከ«ካዜ ኢንቺስ»፣ ስሙን የወረሰው ካዛንቺስ ይገኛል። አንደኛው ሠፈር እህሉ የሚከማችበት፣ ሁለተኛው የእህሉ መግቢያ በር፣ ሦስተኛው ዳቦው የሚበላበት ነበር ማለት ይቻላል።

በእነዚህ መካከል የዱቄት ፋብሪካው ይቆማል። በአንድ ወገን ስንዴውን የሚያቀርበው የመንግሥት ድርጅት አለ፤ በሌላው ወገን ዳቦ ቤቱና ሸማቹ አሉ። ፋብሪካው ከመንግሥት የተረከበው ስንዴና ያስረከበው ዱቄት አልመጣጠን ሲል፣ ጉዳዩ «ጉድለት» የሚል ስም ይሰጠውና ከመጋዘን ወደ ጠበቃ፣ ከጠበቃም ወደ ችሎት ያመራል። የዚህ ንግግር ዋና ሐሳብ አጭር ነው። ከእነዚህ ክርክሮች መካከል ብዙዎቹ በችሎት ይታዩ እንጂ የተወለዱት በሚዛኑ አጠገብ ነው። በውሉ ውስጥ አንድ ቁጥር በትክክል ሳይጻፍ በመቅረቱ ዳኛው በኋላ በሕግ ቃል ሊሞላው የሚገደደው ክፍተት ይፈጠራል። ያንን ቁጥር የመጻፉ ኃላፊነት በአብዛኛው የመሐንዲሱ ነው።

ሀ. መንግሥት በእህሉና በወፍጮው መካከል እንዴት ገባ?

በኢትዮጵያ መንግሥት በእህል ገበያ እጁን ማስገባቱ አዲስ ነገር አይደለም። በ1940ዎቹ መጀመሪያ የእህል ቦርድ፣ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ደግሞ የእህል ኮርፖሬሽን ተቋቁመው ነበር። ሆኖም የእነዚህ ሥልጣን የተወሰነ ነበር። ሁኔታው ከሥር የተለወጠው ከ1967 ዓ.ም. በኋላ ነው። በዚያው ዓመት በአዋጅ ቁጥር 26/1967 ታላላቅ የኢንዱስትሪ ድርጅቶች የመንግሥት ንብረት ሲሆኑ፣ ጥቂት ቆይቶ የእርሻ ሰብል ገበያ ኮርፖሬሽን ተቋቋመ። ገበሬው በተወሰነ ዋጋ የኮታ እህል እንዲያስረክብ፣ ነጋዴውም ከገዛው ከፊሉን ለኮርፖሬሽኑ እንዲያቀርብ ተደረገ። እህሉ ከክፍለ ሀገር ክፍለ ሀገር ሲጓጓዝ በየኬላው ይፈተሽ ነበር። በአዲስ አበባ ደግሞ ለከተማ ነዋሪዎች ማኅበራት፣ ማለትም ለቀበሌዎች፣ በሱቆቻቸው አማካይነት ይታደል ነበር። በዚያን ጊዜ ሻጩም፣ ፈጪውም፣ አከፋፋዩም መንግሥት ስለነበር የጉድለት ነገር ከፍርድ ቤት ይልቅ በሚኒስቴር ደብዳቤ የሚያልቅበት ጊዜ ይበዛ ነበር።

በየካቲት 1982 ዓ.ም. የቅይጥ ኢኮኖሚ መመሪያ ሲታወጅ የኮታ አቅርቦቱ ቀረ፤ የግል ነጋዴውም ተለቀቀ። በ1980ዎቹ አጋማሽ ኮርፖሬሽኑ የኢትዮጵያ እህል ንግድ ድርጅት ሆኖ እንደገና ተደራጀ። ድርጅቱም በ2008 ዓ.ም. ከሌሎች የመንግሥት የንግድ ድርጅቶች ጋር ተዋሕዶ የኢትዮጵያ ንግድ ሥራዎች ኮርፖሬሽን አካል ሆነ። በዚህ ጊዜ ውስጥ አንድ ታላቅ ለውጥ መጣ። በ2000 ዓ.ም. የዓለም የእህል ዋጋ ሲንር መንግሥት ከውጭ ስንዴ እየገዛ ከገበያ በታች በሆነ ዋጋ ለዱቄት ፋብሪካዎች ማቅረብ ጀመረ። ፋብሪካዎቹም ዱቄቱን በተወሰነ ዋጋ ለዳቦ ቤቶች የማስረከብ ግዴታ ገቡ። በ2003 ዓ.ም. የመሠረታዊ ሸቀጦች የዋጋ ጣሪያ ሲወጣ ይህ ግዴታ ይበልጥ ጠነከረ።

ከዚህ በኋላ በሁለቱ ወገኖች መካከል ያለው ግንኙነት እንደ ድሮው የአንድ ቤት ጉዳይ መሆኑ ቀረ። ፈጪው የግል ባለሀብት ወይም የአክሲዮን ማኅበር ነው፤ አቅራቢው የመንግሥት ነው። በድጎማው ዋጋና በገበያው ዋጋ መካከል ሰፊ ልዩነት ስለነበረ የአንድ ኩንታል ጉድለት ቀላል ነገር አልነበረም። ስንዴውን ለታለመለት ዓላማ አላዋላችሁም ተብለው ኮታቸው የታገደባቸው ፋብሪካዎች ነበሩ። ከእነዚህ ውስጥ በእርግጥ ያጠፋ ይኖራል። ያላጠፋም ሊኖር ይችላል። ሁለቱን ለይቶ የሚያሳየው ማስረጃ ምንድን ነው? ጥያቄው እዚህ ላይ ነው።

ለ. ሕጉ ግንኙነቱን በምን ስም ይጠራዋል?

«ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» እንደሚባለው፣ ክርክሩን ለመረዳት በመጀመሪያ ውሉ ምን ዓይነት ውል እንደሆነ ማወቅ ይገባል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ቢያንስ ሦስት መልኮችን ያቀርባል።

አንደኛው ሽያጭ ነው። ድርጅቱ ስንዴውን ሸጦ ፋብሪካው ዋጋውን ከከፈለ ስንዴው የፋብሪካው ሆነ። በዚህ ጊዜ በቁጥር 2291 እና 2292 መሠረት ገዢው ዕቃውን ወዲያው መመርመር፣ ጉድለት ቢያገኝም ሳይዘገይ ለሻጩ ማስታወቅ አለበት። ይህ ድንጋጌ ለወፍጮ ሰው ትልቅ ትርጉም አለው። ስንዴ ከመፈጨቱ በፊት ይበጠራል፤ በውኃም ይርሳል። ከተበጠረና ከራሰ በኋላ «ስንዴው ሲመጣ ባዕድ ነገር የበዛበት ነበር» ብሎ መከራከር ከንቱ ድካም ነው፤ ምስክሩ ራሱ ተፈጭቷልና።

ሁለተኛው መልክ የሥራ ውል ነው፤ ከቁጥር 2610 ጀምሮ የተደነገገውን ይመለከታል። ስንዴው የመንግሥት ሆኖ ቆይቶ ፋብሪካው በኩንታል የመፍጫ ዋጋ እየተከፈለው ዱቄቱን መልሶ ሲያስረክብ ግንኙነቱ ይህን ይመስላል። በዚህ ጊዜ ፋብሪካው ተጠያቂ የሚሆነው ለውጤቱ ነው። ስንዴው ተቀምጦ በሚቆይበት ጊዜ ደግሞ የአደራና የመጋዘን ሕግ አብሮ ይነሣል።

ሦስተኛው መልክ የአስተዳደር ውል ነው። የሕጉ ቁጥር 3132 አንድ ውል የአስተዳደር ውል የሚሆነው ሕጉ ወይም ተዋዋዮቹ ይህን ስም ሲሰጡት፣ ወይም ውሉ ከሕዝብ አገልግሎት ሥራ ጋር የተያያዘ ሆኖ ተዋዋዩን በዚያ አገልግሎት ዘወትር ተካፋይ ሲያደርገው፣ ወይም በግለሰቦች መካከል የማይታሰቡና ለሕዝብ ጥቅም ተብለው የገቡ ቃሎች ሲኖሩበት መሆኑን ያመለክታል። በተወሰነ ዋጋ ለተወሰኑ ዳቦ ቤቶች ዱቄት የማስረከብ ግዴታ ከዚህ ወገን ነው ብሎ መከራከር ይቻላል። የለም፤ አቅራቢው የልማት ድርጅት ነው፣ የራሱ የሕግ ሰውነት አለው፣ እንደ ማንኛውም ነጋዴ ይሸጣል ብሎ መከራከርም ይቻላል።

ልዩነቱ የቃላት ብቻ አይደለም። ተራ ውል ከሆነ በቁጥር 1764 መሠረት ሁኔታዎች ቢለወጡም ውሉ እንደ ጸና ይኖራል። የአስተዳደር ውል ከሆነ ግን ያልታሰበ ነገር ደርሶ የውሉን ሚዛን ሲያዛባው ከቁጥር 3183 ጀምሮ ያሉት ድንጋጌዎች ተዋዋዩ መንግሥት ከኪሣራው እንዲጋራው የሚጠይቅበትን በር ይከፍታሉ። በሌላ በኩል የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 315 የአስተዳደር ውል በግልግል ዳኝነት እንዳይታይ ከልክሏል። በ2013 ዓ.ም. የወጣው የግልግል ዳኝነት አዋጅ ቁጥር 1237ም ቢሆን የአስተዳደር ውልን ነገር በጥንቃቄ ነው የያዘው። ስለዚህ በውሉ መጨረሻ «አለመግባባት ቢፈጠር በግልግል ይታያል» ተብሎ የተጻፈው አንቀጽ ተዋዋዮቹ ባላሰቡት ምክንያት ሊወድቅ ይችላል። የኮታ እገዳ ሲሆን ደግሞ፣ ውሳኔውን የሰጠው አስፈጻሚ መሥሪያ ቤት ከሆነ የ2012ቱ የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 ይነሣል። አንድ የጉድለት ነገር በሦስት ልዩ ልዩ በሮች ሊገባ ይችላል ማለት ነው።

ሐ. አንድ ሺህ ኩንታል የት ይሄዳል?

አሁን ከሕጉ ወደ ሥራው እንመለስ። የሚከተለው ስሌት ምሳሌ ነው፤ ቁጥሮቹ ግን በማንኛውም ፋብሪካ ሊያጋጥሙ የሚችሉ ናቸው።

አንድ ፋብሪካ 1,000 ኩንታል ስንዴ ተረከበ እንበል። እርጥበቱ በመቶ 14 ነበር። ከዚህ ውስጥ 140 ኩንታሉ ውኃ፣ 860 ኩንታሉ ደረቅ አካል ነው። ስንዴው በደረቅ ወራት በመጋዘን ቆይቶ እርጥበቱ ወደ 11 ቢወርድ ደረቁ አካል አልተነካም፤ ጠቅላላ ክብደቱ ግን 860 ለ0.89 ተካፍሎ 966.3 ኩንታል ይሆናል። 33.7 ኩንታል ጎደለ። ማንም አልሰረቀውም፤ አየር ወሰደው። ይሁን እንጂ በሞዴል 19 ገቢ የሆነው 1,000 ነው፤ በሞዴል 22 ወጪ ሊሆን የሚችለው 966.3 ብቻ ነው። ሒሳብ መርማሪው የሚያየው ሁለቱን ወረቀቶች ነው፤ እርጥበት የሚጻፍበት ዓምድ በሁለቱም ላይ የለም።

ቀጥሎ ማበጠሪያው ይመጣል። አፈር፣ ገለባ፣ ጠጠርና ሌላ ዘር በመቶ 3 ቢሆን 29 ኩንታል ይወጣል፤ 937.3 ኩንታል ንጹሕ ስንዴ ይቀራል።

እዚህ ላይ ውሉ «ፋብሪካው በመቶ 75 ዱቄት ያስረክባል» ይላል እንበል። ጥሩ፤ ከየትኛው ስንዴ በመቶ 75? በሚዛን ከተረከበው 1,000 ኩንታል ከሆነ 750 ኩንታል ዱቄት ነው። ከደረቀውና ከተበጠረው 937.3 ከሆነ 703 ነው። ስንዴው ከመፈጨቱ በፊት በውኃ ርሶ እርጥበቱ 15.5 ሲደርስ ደግሞ ክብደቱ ወደ 987.2 ኩንታል ያድጋል፤ የዚህ በመቶ 75 ከ740 ኩንታል ጥቂት ይበልጣል። አንድ ቃል፣ አንድ ቁጥር፣ ሦስት ልዩ ልዩ መልስ። በትልቁና በትንሹ መካከል 47 ኩንታል ዱቄት አለ።

ከዚህ ስሌት ሁለቱም ወገኖች ሊማሩ ይገባል። አቅራቢው መሥሪያ ቤት የሚማረው የጎደለ ሁሉ የተሸጠ አለመሆኑን ነው። ፋብሪካው የሚማረው ደግሞ የመሥሪያ ቤቱ ጥርጣሬ ሁልጊዜ መሠረተ ቢስ አለመሆኑን ነው። ፈጪው በሕጋዊ መንገድ የሚጨምረው ውኃ ዱቄቱን ያከብደዋልና፣ የዱቄቱ እርጥበት ካልተለካ ውኃ በዱቄት ዋጋ ሊሸጥ ይችላል። መፍጫውን አጥብቆ ፉሩሽካውን ከዱቄቱ ጋር በመቀላቀል 75ን መሙላትም ይቻላል፤ ይህ የሚታወቀው የዱቄቱ አመድ በላቦራቶሪ ሲመረመር ነው። እርጥበት መለኪያው የማንም ወገን ጠበቃ አይደለም።

በዚህ ላይ የሚዛኑ ራሱ ነገር አለ። 400 ኩንታል የጫነ ተሳቢ በባስኩላ ላይ ሲመዘን ባስኩላው በመቶ አንድ ቢስት 4 ኩንታል ነው። የጆንያውም ክብደት ይታሰባል። ባዶ የቃጫ ጆንያ አንድ ኪሎ ያህል ቢመዝን 1,000 ጆንያ 10 ኩንታል ይሆናል። «ጥቅል ክብደት» እና «የተጣራ ክብደት» የሚሉት ቃላት በውሉ ላይ ካልተለዩ ይህም አንድ ቀን ክስ ይሆናል።

መ. የሩዝ ፈልፋዮች ትምህርት

ይህ ችግር የስንዴም የኢትዮጵያም ብቻ አይደለም። በህንድ አገር በ1957 ዓ.ም. የተቋቋመው የህንድ ምግብ ኮርፖሬሽን ሩዝ የሚያገኝበት አንዱ መንገድ፣ የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ከገበሬ የገዙትን ያልተፈለፈለ ሩዝ ለግል ፈልፋዮች ሰጥተው የተፈለፈለውን በመረከብ ነው። ከ100 ኪሎ ያልተፈለፈለ ሩዝ 67 ኪሎ፣ ተቀቅሎ የደረቀ ከሆነ 68 ኪሎ መመለስ ግዴታ ነው። ይህ ቁጥር ለብዙ ዓመታት ጸንቶ ኖሯል፤ የሩዙ ዝርያ፣ የአዝመራው እርጥበትና የመፈልፈያው ዓይነት ግን በየጊዜው ይለወጣሉ። በዚህ የተነሣ በፈልፋዮችና በመሥሪያ ቤቶች መካከል ያለው ሙግት አያባራም። በ2017 ዓ.ም. መጀመሪያ በፑንጃብ ፈልፋዮቹ ፒአር 126 የተባለው ዝርያ 67 አይሰጥም በማለት ለመረከብ ሲያንገራግሩ ገበሬው እህሉን ይዞ በገበያ ቆሞ ነበር። በሁለት መሥሪያ ቤቶች ወረቀት ላይ የተቀመጠ አንድ ቁጥር የገበሬውን መኪና አቆመ ማለት ነው።

ለኢትዮጵያም ትምህርቱ ሩቅ አይደለም። ከጣና ሐይቅ በስተ ምሥራቅ በፎገራ ሜዳ የሩዝ እርሻ ተስፋፍቷል፤ ወረታም የሩዝ መፈልፈያዎች ከተማ ሆናለች። ሩዝ ከስንዴ ይልቅ ለክርክር የተጋለጠ ነው። ቅርፊቱ ብቻ ከጠቅላላው ክብደት አንድ አምስተኛ ያህል ይሆናል። ከዚያም አልፎ የሚወጣው ሩዝ ሙሉ ፍሬ ነው ወይስ የተሰበረ የሚል ጥያቄ አለ። ከመጠን በላይ የደረቀ ሩዝ በመፈልፈያው ውስጥ ይሰበራል፤ ስለዚህ ክብደቱ ሞልቶ ዋጋው ሊጎድል ይችላል። ነገ የመንግሥት ድርጅቶች ከወረታ ፈልፋዮች ጋር በስፋት ውል የሚዋዋሉ ከሆነ በስንዴ የታየው ስሕተት በሩዝ እንዳይደገም ቁጥሩ ከአሁኑ በሙከራ ቢጠና ይሻላል።

ሠ. ውሉ ምን ሊይዝ ይገባል?

«በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» ይባላል። ከመንግሥት ጋር የሚደረግ ውል በጽሑፍ መሆን እንዳለበት የፍትሐ ብሔር ሕጉ በቁጥር 1724 አስቀድሞ ደንግጓል። ጉዳዩ መጻፉ ብቻ ሳይሆን የሚጻፈው ምን እንደሆነ ነው። በማኅበሩ አባላት ሊታሰብባቸው የሚገቡ አምስት ነጥቦች የሚከተሉት ናቸው።

1ኛ. ክብደት ሁሉ በአንድ የእርጥበት መሠረት ይታሰብ። ለምሳሌ ውሉ «በመቶ 12 እርጥበት ላይ የተሰላ የተጣራ ክብደት» ቢል፣ የመጋዘን መድረቅና የውኃ መጨመር ሁለቱም በአንድ ቀላል ማካፈል ይስተካከላሉ።

2ኛ. በመቶ የሚቆረጠው የዱቄት መጠን ከየትኛው ስንዴ እንደሚቆጠር በግልጽ ይጻፍ፤ ከተረከበው፣ ከተበጠረው ወይስ ከራሰው። ከዚህ ጋር የዱቄቱ እርጥበትና አመድ ወሰን ይቀመጥ፤ የፉሩሽካውም ባለቤት ማን እንደሆነ ይወሰን።

3ኛ. ናሙና በርክክቡ ሰዓት በሁለቱም ወገን ፊት ይወሰድ፤ ሦስት ቦታ ተከፍሎ ይታሸግ። አንዱ ለአቅራቢው፣ አንዱ ለፋብሪካው፣ ሦስተኛው ለማንም ወገን ባልሆነ ቦታ ይቀመጥ። ይህ ሦስተኛው ከረጢት ከብዙ የሰው ምስክር ይልቅ ለዳኛው ይጠቅማል።

4ኛ. ባስኩላውና የእርጥበት መለኪያው በየጊዜው በሚመለከተው የሥነ ልክ ተቋም ይረጋገጡ፤ የምስክር ወረቀታቸው ቁጥርም በርክክብ ሰነዱ ላይ ይጻፍ።

5ኛ. አለመግባባት ሲነሣ ስለ መጠንና ስለ ጥራት የሚነሣው ጥያቄ በመጀመሪያ በተወሰኑ ቀናት ውስጥ በሙያተኛ ይመርመር። ሙያተኛው ልኩን ይናገራል እንጂ አይፈርድም፤ መብትና ግዴታውን የሚወስነው ዳኛው ነው። የግልግል አንቀጹም ውሉ የአስተዳደር ውል ቢባል ምን እንደሚሆን ታስቦበት ይቀረጽ።

እነዚህ ነገሮች ከፍተኛ ወጪ የሚጠይቁ አይደሉም። ወጪው የሚበዛው ሳይኖሩ ሲቀሩ ነው። ከዚህም በላይ ጉዳዩ ከገንዘብ ያልፋል። የመንግሥት ንብረት ጉድለት የወንጀል ክስ ሊያስከትል ይችላልና፣ የመጋዘን ኃላፊውና የፋብሪካው ሥራ አስኪያጅ ነፃነት በአንድ ያልተለካ እርጥበት ላይ ሊንጠለጠል ይችላል። በእውነት የሸጠውም ሰው ቢሆን በዚያው ባልተለካ እርጥበት ሥር ተሸሽጎ ሊያመልጥ ይችላል። ልክ አለመኖሩ ንጹሑን ያስጠረጥራል፤ አጥፊውን ይሸፍናል።

ረ. ዳቦ ገዢው

በዚህ ሙግት ውስጥ ሦስተኛ ወገን አለ፤ በችሎቱ ስሙ አይጠራም። እርሱም ዳቦ ገዢው ነው። ፋብሪካውና አቅራቢው ሲካሰሱ ኮታው ይታገዳል፤ ኮታው ሲታገድ ዳቦ ቤቱ ዱቄት ያጣል፤ ዳቦ ቤቱ ሲዘጋ ወረፋው ወደ ቀጣዩ ዳቦ ቤት ይዛወራል። ክርክሩ ሁለትና ሦስት ዓመት ሊወስድ ይችላል፤ ዳቦ ግን የዕለት ነገር ነው። ፋብሪካው በመጨረሻ ቢረታ እንኳ የተቋረጠው ዳቦ ተመልሶ አይጋገርም።

በ2017 ዓ.ም. በኮሪደር ልማት ሥራ ሰፊው የካዛንቺስ ክፍል ሲፈርስ ነዋሪዎቹ ወደ ሌሎች የከተማዋ ክፍሎች ተዛውረዋል። ዳቦ የሚገዛው ሕዝብ ከሠፈር ሠፈር ሲዘዋወር የሥርጭት ዝርዝሩ አብሮት ካልተዘዋወረ፣ በወረቀት ላይ ያለው ግዴታና በመሬት ላይ ያለው ሸማች ይለያያሉ። የስንዴውም ምንጭ ተለውጧል። ከውጭ በመርከብ የሚመጣ አንድ ዓይነት ስንዴ በአንድ ናሙና ሊታወቅ ይችል ነበር፤ ከልዩ ልዩ አውራጃ ከብዙ ሺህ ገበሬዎች የሚሰበሰብ የአገር ውስጥ ስንዴ ግን በእርጥበቱም በንጽሕናውም ይለያያል። መንግሥት ስንዴ ከውጭ መግዛቱን እንዳቆመ ካስታወቀና በየካቲት 2015 ዓ.ም. ወደ ውጭ መላክ መጀመሩን ከገለጸ ወዲህ፣ የመለካቱ ሥራ በዛ እንጂ አልቀነሰም።

የተከበራችሁ ባልደረቦች፤ ሕግ አዋቂዎች የውሉን ዓይነት ይወስኑ፤ ዳኞችም ይፍረዱ። ፋብሪካ የሚተክል፣ ባስኩላ የሚያቆም፣ የርክክብ ቅጽ የሚያዘጋጅ መሐንዲስ ግን በዚያ ቅጽ ላይ የእርጥበት ዓምድ እንዲኖር ማድረግ ይችላል። አንዲት ጠባብ ዓምድ ናት። በየርክክቡ በትክክል ከተሞላች የጎደለው ስንዴ አየር የወሰደው ይሁን ሰው የወሰደው ገና ከመጋዘኑ በር ሳይወጣ ይታወቃል፤ ለችሎቱም የሚቀርለት በእርግጥ የሕግ ጥያቄ የሆነው ብቻ ይሆናል።